ድምፅ የሌለው ነጋሪት

እስኪ አንድ የምናብ ዓለም እንፍጠር። ልብ ወለድ የሚሞካክሩ ወጣቶች ዛሬ ዛሬ እንደሚያደርጉት፣ ተራራ በተራራ ላይ የተደራረበበት፣ ገደሉ ጎረቤትን ከጎረቤት የሚለይበት፣ መንገዱ በክረምት የማያስተማምን አንድ አገር እናስብ። የዚያ አገር ሰዎች በድምፅ የሚሠራ የመገናኛ ዘዴ አላቸው እንበል። ሽቦ የለውም፤ ባትሪ አይፈልግም፤ ፊደል ያልቆጠረውም ይጠቀምበታል። ድምፁ በተሰማ ጊዜ የተናገረው ማን እንደሆነ ወዲያው ይታወቃል። የሰማ ሁሉ ላልሰማው የማድረስ አደራ አለበት። የተጠራው ሰው «ሰምቻለሁ» ብሎ ካልመለሰ ደግሞ መልእክቱ እንደ ደረሰ አይቆጠርም። እንዲህ ያለውን ነገር በባሕር ማዶ ልብ ወለድ ውስጥ ብናነበው «ወይ የምናብ ብዛት!» ብለን እናደንቅ ነበር። ፊልም ቢሠራበትማ ከፍለን እንገባ ነበር።

ነገሩ ግን ምናብ አይደለም። አገሩ ወገራ ነው፤ ዳባትና ደባርቅ ነው፤ ጃናሞራና በየዳ ነው። ዘዴውም ነጋሪትና የሰው ጉሮሮ ነበር። የዛሬው ጠቤ «ነጋሪቱ ለምን ሙዚየም ገባ?» የሚል አይደለም። ዕቃ ያረጃል፤ ያረጀ ዕቃ ሙዚየም ቢገባ ወግ ነው። ጠቤ ስሙን ይዘን ሥራውን ስለ ጣልነው ነው። ዛሬም በነጋሪት ስም እንገዛለን፤ የሚነግረን ግን የለም።

ነጋሪት የሚለው ቃል «ነገረ» ከሚለው የግዕዝ ግሥ የወጣ ነው። ነገር፣ ነጋሪ፣ ንግግር ሁሉ የአንድ እናት ልጆች ናቸው። ከበሮው ለማኅሌትና ለዘፈን ነው፤ ነጋሪት ግን ስሙ እንደሚመሰክረው ለመንገር የተሠራ ነው። አካሉ እንደ ባለቤቱ ማዕረግ ከብር፣ ከመዳብ ወይም ከእንጨት ይበጃል፤ ቆዳ ይወጠርበታል፤ ጥንድ ጥንድ ሆኖ በበቅሎ ጀርባ ላይ ይጫናል። ሹመት ሲሰጥ ነጋሪት አብሮ ይሰጥ ነበር። መለከትና እምቢልታም ያጅቡታል። እንግዲህ ልብ በሉ፤ ነጋሪት ማንም ከገበያ ገዝቶ በሩ ላይ የሚሰቅለው ዕቃ አልነበረም። ነጋሪት ከተጎሰመ የጎሰመው ይታወቃል፤ ያስጎሰመው ደግሞ ከጎሳሚው በላይ ይታወቃል። ያ ቃል ቢታጠፍ የሚታጠፈው የማን ቃል እንደሆነ ገበያተኛው ሁሉ ያውቃል።

አዋጅ የሚነገረው ደግሞ ሰው በሌለበት አይደለም። ገበያ ተጠብቆ፣ ሕዝብ በተሰበሰበበት ነው። መጀመሪያ ነጋሪቱ ይጎሰማል፤ ገበያው ጸጥ ይላል፤ ከዚያ አዋጅ ነጋሪው ይናገራል። «አዋጅ! አዋጅ! የደበሎ ቅዳጅ!» ሲል የሚጠራው ባለ ካባውን ብቻ አልነበረም። እኔ እንደምረዳው ያ አጠራር ደበሎ ለባሹን፣ ያውም የደበሎው ቅዳጅ የቀረለትን ድሃ፣ ከአዋጁ ውጭ አለመተዉ ነው። ቀጥሎም ዋናው ትእዛዝ ይመጣል፤ የሰማህ ላልሰማ አሰማ! በዚህች ቃል እያንዳንዱ ገበያተኛ ወደ ቤቱ ሲመለስ መልእክተኛ ይሆናል። ጨው ሊገዛ የወጣው ገበሬ አዋጅ ይዞ ይገባል።

ከገበያው ወዲያ ያለውን ደግሞ የሰው ጉሮሮ ይረከበዋል። ደጋ ላይ ያደገ ሰው ይህን ለማስረዳት መምህር አያስፈልገውም። ከዚህኛው አፋፍ አንዱ እጁን አፉ ላይ አድርጎ «አያ እገሌ ሆይ!» ይላል፤ የመጨረሻዋን ፊደል እየጎተተ፣ እየሳበ። ከዚያኛው አፋፍ «ወይ!» እስኪባል ድረስ ነገሩን አይጀምርም። «ወይ!» ወይም «አቤት!» ከተባለ በኋላ ብቻ ጉዳዩ ይነገራል፤ የሰማውም ከጀርባው ላለው መንደር ያሳልፈዋል። በእግር ወርዶ ለመውጣት ግማሽ ቀን የሚፈጀውን ሸለቆ፣ ስፋቱ አንድ ኪሎ ሜትር ከሆነ፣ ድምፅ በሦስት ሰከንድ ያህል ይሻገረዋል። ሰዓቱም ቢሆን በዘፈቀደ አይመረጥም። ሌሊቱን ቀዝቃዛው አየር ሸለቆው ውስጥ ይተኛል፤ ሞቅ ያለው ከላይ ይሆናል፤ ስለዚህ ማለዳ ላይ ድምፅ ወደ ሰማይ ከማምለጥ ይልቅ ወደ ምድር እየታጠፈ ሩቅ ይሄዳል። የፊዚክስ መጽሐፍ ያላየው ገበሬ ይህን በጆሮው ያውቀዋል። በየቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ከዛፍ ላይ ተንጠልጥለው የሚመቱት የድንጋይ ደወሎችም የዚሁ ዕውቀት ልጆች ናቸው። የትኛው ድንጋይ እንደሚናገርና የትኛው ዲዳ እንደሆነ ለይቶ ያወቀ ሕዝብ ነው።

«አቤት» በሚለው ቃል ላይ ትንሽ እንቆይ፤ የድሮ የሥነ ጽሑፍ መምህር ነኝና ቃል ሳገኝ ዝም ብዬ አላልፍም። «አቤት» ለተጠራ ሰው መልስ ነው፤ ለተበደለ ሰው ደግሞ ጥሪ ነው። አቤቱታ ከዚሁ የመጣ ነው። ቋንቋችን ለሁለቱ አንድ ቃል የሰጠው በአጋጣሚ አይመስለኝም። ከላይ አዋጅ ይወርዳል፤ ከታች አቤት ይወጣል። ሰው አዋጁን ሰምቶ «አቤት» ማለት ካልቻለ፣ ነገ ሲበደልም «አቤት» የሚልበት መንገድ ተዘግቷል ማለት ነው። ያልተነገረው ሰው ምን ብሎ ይሟገታል?

አሁን ወደ ጠቤ ልግባ። መጋቢት 21 ቀን 1934 ዓ.ም. «ነጋሪት ጋዜጣ» ታትሞ ወጣ። ስሙን ያወጣው ሰው ብልህ ነበር። ሕዝቡ ለዘመናት ሕግን የሚያውቀው በነጋሪት ነው፤ ስለዚህ ወረቀቱም ነጋሪት ተባለ። በ1987 ዓ.ም. በወጣ አዋጅ ደግሞ «ፌዴራል ነጋሪት ጋዜጣ» ሆነ። የአማራ ክልል ምክር ቤትም የራሱ «ዝክረ ሕግ» አለው። ይህ ሁሉ መልካም ነው፤ ወረቀት አይረሳም፤ ቃል ግን ይረሳል። ማንም ሕግ አውጪ ትናንት ያላለውን ዛሬ «ብዬ ነበር» እንዳይል ወረቀት ያስፈልጋል። ችግሩ ወረቀቱ መምጣቱ አይደለም። ወረቀቱ ሲመጣ አፉ መዘጋቱ ነው። ነጋሪት ከበቅሎ ወርዶ መደርደሪያ ላይ ወጣ፤ ከዚያ በኋላ የተጎሰመ ስንት ጊዜ ነው?

ሕጉ ግን ሁላችንም እንደሰማን አድርጎ ይቆጥረናል። «ሕግን አለማወቅ ይቅርታ አያሰጥም» የሚለውን ያልሰማ የለም፤ የሚገርመው ብዙ ሰው ከሕግ ሁሉ የሚያውቀው ይህችኑ ብቻ መሆኑ ነው። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ደግሞ ተከሳሽ ሊገኝ ካልቻለ መጥሪያው በሌላ መንገድ፣ ለምሳሌ ተለጥፎ፣ እንዲደርሰው ይፈቅዳል። ከዚህ በመነሣት በጋዜጣ ጥሪ ማድረግ የተለመደ ሆነ። ጋዜጣ የሚያነቡ ሰዎች በመጨረሻዎቹ ገጾች ላይ በደቃቅ ፊደል የተደረደረውን ያውቁታል። ቀርበው መልስ ካልሰጡ ክርክሩ በሌሉበት ይቀጥላል ይላል። ለመሆኑ ያንን ደቃቅ ፊደል የሚያነበው ማነው? ከሳሹ ነው፤ መውጣቱን ለማረጋገጥ። ጠበቃው ነው፤ ቆርጦ ከመዝገቡ ጋር ለማያያዝ። ተከሳሹስ?

ተከሳሿ እንበልና በጃናሞራ አንድ ቀበሌ የምትኖር እናት ናት። ባለቤቷ ሞቷል። ማሳው በእጇ ነው፤ ልጆቿን የምታሳድግበት እሱ ነው። ዘመድ ነኝ ባይ ይነሣና «የአባቴ ይዞታ ነው» ብሎ ይከሳል። መጥሪያ አድራሹ «አድራሻዋ አልተገኘም» ብሎ ይመልሳል፤ ያችን መንደር በእግሩ መውጣት ከብዶት ይሆናል። ጥሪው ጋዜጣ ላይ ይወጣል። ጋዜጣው ያን ቀበሌ አይደርስም፤ ቢደርስም በርበሬ ተጠቅልሎበት ነው። ውሳኔው ይሰጣል። ከዚያ በኋላ ይህች ሴት ወረዳ ድረስ ወርዳ በአንድ መስኮት በኩል እንዲህ ትባላለች፤

«እማማ፣ ጥሪው'ኮ በጋዜጣ ወጥቶ ነበር።»

«በምን አልከኝ ልጄ?»

«በጋዜጣ። አልሰሙም?»

«ልጄ፣ ማን ነግሮኝ እሰማለሁ?»

ይህን የሳልኩት እኔ ነኝ። ግን የአገራችንን ቢሮ ደጅ የጠና ሰው ሁሉ እውነት መሆኑን ይመሰክራል። የመሬት ይዞታ ሲመዘገብም መረጃው በቀበሌው ለሕዝብ ዕይታ ይለጠፋል፤ ቅሬታ ያለው በተወሰነው ቀን ውስጥ እንዲያቀርብ ይጠየቃል። አሠራሩ በጎ ነው። ግን ማንበብ ለማትችል ሴት የተለጠፈ ወረቀት ምንድነው? ግድግዳ ነው። ከግድግዳ ጋር ደግሞ ማን ይነጋገራል?

ይህን ስል ቢሮክራቱ ፈገግ ይላል። «ጋሼ፣ ዘመኑ'ኮ ተለውጧል፤ ገበሬውም ሞባይል አለው፤ ሁሉም ነገር በቴሌግራም ነው» ይለኛል። ሞባይልን የምጠላ ሰው አይደለሁም። ለታመመ ሰው አምቡላንስ የሚጠራ መሣሪያ ይባረክ። ነገር ግን ሦስት ጥያቄ አለኝ።

አንደኛው፣ ቁልፉ በማን እጅ ነው? ሐምሌ 28 ቀን 2015 ዓ.ም. የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ በታወጀበት ሰሞን በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ተቋረጠ፤ መቋረጡም ለሳምንት ሳይሆን ለወራት ነበር። ያኔ «ሁሉም ነገር በቴሌግራም ነው» ያለን ሰው የት ሄደ? ነጋሪትም የሹም ነበር፤ ግን ሹሙ ነጋሪቱን ቢሰውር የአፋፉን ጥሪ መሰወር አይችልም ነበር። የገበሬውን ጉሮሮ ማዕከል ላይ ተቀምጦ የሚያጠፋው ሰው የለም።

ሁለተኛው፣ ባለቤቱ ማነው? ዛሬ በስልክ የሚዞረው ድምፅ አባት የለውም። «ይህን ድምፅ ለአሥር ሰው ላኩ» ይባላል፤ ማን እንደተናገረው፣ መቼ እንደተናገረው፣ የትኛው አገር ሆኖ እንደተናገረው የሚጠይቅ የለም። የሰማህ ላልሰማ አሰማ የሚለውን ግማሹን ብቻ ወስደነዋል። ማሰማቱን ወሰድን፤ ከመስማት በፊት «ማን ተናገረው?» ማለትን ተውን። አባት የሌለው ድምፅ በዚህ ክፉ ዘመን ስንት መንደር እንዳስበረገገ እናንተም ታውቃላችሁ፤ እኔም አውቃለሁ፤ መዘርዘሩ ቁስል መነካካት ይሆናል።

ሦስተኛው ከሁሉ የሚበልጠው ነው። ስልክ ለእያንዳንዱ ለብቻው ይናገራል። ነጋሪት ግን ለሁሉም በአንድ ላይ ነው የሚናገረው። ልዩነቱ ቀላል አይደለም። በገበያ አዋጅ ሲነገር እኔ ሰማሁ፤ አንተም ሰማህ፤ እኔ አንተ መስማትህን አየሁ፤ አንተም እኔን አየህ። ነገ አንዱ ክፉ ሰው «እንዲህ አልተባለም» ቢል ገበያው ሁሉ ምስክር ነው። ያች የጃናሞራ እናት ራሷ ገበያ ባትወጣ እንኳ፣ «የእገሊት ማሳ ክስ ቀርቦበታል» ተብሎ በጥምቀተ ባሕሩ ሜዳ ወይም በገበያው መካከል ቢነገር፣ ጎረቤቷ በማግሥቱ ደጇ ላይ ነው። በስልክ የመጣ አጭር መልእክት ግን ምስክር የለውም። ስልኩ ተዘግቶ ይሆናል፤ ባትሪው አልቆ ይሆናል፤ ስልኩን የያዘው ያው ከሳሹ ራሱ ሊሆንም ይችላል።

«እሺ፣ ታዲያ መንግሥት ድምፅ ከየት ያምጣ?» የሚል ካለ ጎንደር ከተማ ይምጣና ይስማ። ድምፅማ ሞልቶ ፈሷል። በፋሲል ዘመን፣ በ1628 ዓ.ም. ገደማ የተቆረቆረችው ከተማ ዛሬ ከፒያሳ እስከ አራዳ፣ ከአራዳ እስከ ቅዳሜ ገበያ ድረስ በሞንታርቦ ታጥራለች። ሞንታርቦ የአንድ የጣሊያን ኩባንያ ስም ነው፤ እኛ ግን ጩኸት ለሚያወጣ ሣጥን ሁሉ የወል ስም አደረግነው። ፋብሪካው ይህን ያህል ክብር በአገሩ ያገኘ አይመስለኝም። የልብስ መደብሩ ሞንታርቦ አለው፤ ሎተሪ ሻጩ መኪናው ላይ ሞንታርቦ አለው፤ የአይጥ መድኃኒት ሻጩም እንደ አቅሙ በባትሪ የሚሠራ ትንሽ ሞንታርቦ አንገቱ ላይ አንጠልጥሏል። ቡና ቤቱ ለደንበኛው ሳይሆን ለመንገደኛው ይዘፍናል። የደወሉንና የአዛኑን ነገር አልነካም፤ እነሱ የቆየ ቋንቋ ናቸው፤ ሰው ሰዓቱን ያውቅባቸዋል። ሌሊቱን ሙሉ የሚያስተጋባው ማጉያ ግን የየትኛውም እምነት ትእዛዝ አይደለም። ለፈጣሪ ማጉያ አያስፈልገውም።

በዚህ መካከል የዕድሩ ጥሩንባ ነፊ ማለዳ ወጥቶ የአንድ ሰው ሞት ሊነግር ይሞክራል። እሱ የነጋሪት የመጨረሻው ልጅ ነው። ባለቤቱ የታወቀ ነው፤ የሚናገረው እውነት ነው፤ የሰማ ላልሰማ ያደርሳል። ድምፁ ግን ከባጃጅና ከሞንታርቦ ጋር ታግሎ ይወድቃል። ሰው ቀብር የሚያመልጠው ልቡ ስለ ደነደነ ብቻ አይደለም፤ ጆሮው ስለ ደነቆረም ነው። ከዚያ የባሰም አለ። በሌሊት «ኡኡ!» ያለ ሰው ጩኸቱ ከዘፈን ጋር ይደባለቃል። የወንጀል ሕጋችን በአደጋ ላይ ያለን ሰው መርዳት እየቻለ ዝም ያለውን ይቀጣል፤ ነገር ግን «አልሰማሁም» የሚለውን ሰው በምን እንረታዋለን? በዚህ ከተማ «አልሰማሁም» እውነተኛ መከላከያ ሆኗል።

ሕግ የለም እንዳይባል ሞልቷል። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ፣ በአንቀጽ 1225፣ ባለ ንብረት ጎረቤቱን በጢስ፣ በሽታና በጩኸት እንዳያውክ ይከለክላል። የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 300/1995ም ጩኸትን ከብክለት ቆጥሮታል። በዚሁ መሠረት በተዘጋጀው ደረጃ በመኖሪያ ሰፈር የድምፅ ጣሪያው ቀን 55፣ ሌሊት 45 ዴሲቤል ነው። 45 ዴሲቤል ማለት በዝግታ የሚጨዋወቱ የሁለት ሰዎች ድምፅ እንኳ አይሞላም። በየቡና ቤቱ ደጅ የዚህን ስንት እጥፍ ነው የምንሰማው? ሕጉ ግን አይሰማም፤ ምክንያቱም እሱም ድምፅ የሌለው ነጋሪት ላይ ነው የታተመው።

እንግዲህ ነገሩን ስታዩት የተገለበጠ ነው። ድምፅ በማያስፈልግበት ቦታ ድምፅ ሞላ፤ ድምፅ በሚያስፈልግበት ቦታ ወረቀት ሞላ። ስብሰባ ሲጠራ፣ መዋጮ ሲሰበሰብ፣ ግብር ሲደርስ፣ እንግዳ ባለ ሥልጣን ሲመጣ ቀበሌው ድምፅ አያጣም፤ ቅዳሴ ሲወጣ ቅጥር ግቢ ቆሞ፣ ገበያ መካከል ገብቶ ይናገራል። የገበሬው መብት የሚጠፋበት ቀን ሲቆረጥ ግን ማስታወቂያ ይለጠፋል። ለግዴታ ጥሩንባ፣ ለመብት ሹክሹክታ! ይህን አቅም ማጣት ነው ብዬ አልቀበልም። ግብር ለማስከፈል የተገኘ ጉሮሮ፣ መብት ለመንገር ሲሆን የሚዘጋው በጉንፋን አይደለም።

የጎንደርን ታሪክ ለሚያውቅ ይህ አዲስ አይደለም። ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ በ1770ና በ1771 እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በጎንደር ቤተ መንግሥት ነበር። በ1790 ባሳተመው የጉዞ መጽሐፉ አንድ አስገራሚ ነገር ጽፏል። ተበዳዮች ከየአገሩ መጥተው በንጉሡ መስኮት ሥር በየቋንቋቸው «ጃን ሆይ!» እያሉ ይጮኹ ነበር። በክረምት ወንዝ ሞልቶ ባለ ጉዳይ ሲቀንስ ግን ቤተ መንግሥቱ ጭር እንዳይል፣ ንጉሡም ብቸኝነት እንዳይሰማው ተብሎ፣ የተበዳይን ጩኸት አስመስለው የሚጮኹ ሰዎች ተቀጥረው ነበር። ብሩስን ይህ ልማድ ከሁሉ አብልጦ አናዶታል። ሊያናድደው ይገባል። ለእውነተኛው ተበዳይ ከዚህ የበለጠ በደል የለም። የተከራየ ጩኸት የእውነቱን ጩኸት ዋጋ ያሳጣዋል፤ ንጉሡ በመስኮቱ የሰማው ለቅሶ የተቀጣሪ ይሁን የተበዳይ መለየት ያቅተዋል። «ጩኸቴን ቀሙኝ» የሚለው ተረት ለዚህ የተበጀ ይመስላል።

እስኪ ዛሬን ከዚያ ጋር አስተያዩት። ሞንታርቦ ተጭኖ፣ ሰው በአውቶቡስ ተጓጉዞ «ሕዝቡ ድምፁን አሰማ» ሲባል፣ በዚያው ቀን ደግሞ ያች የጃናሞራ እናት በመስኮት በኩል «አልሰሙም?» ስትባል፣ ከብሩስ ዘመን ስንት እርምጃ ተራመድን? ያኔ ቢያንስ ክረምቱ አልፎ ወንዙ ሲጎድል እውነተኛው ባለ ጉዳይ ይመጣ ነበር።

አንድ ቁም ነገር አልክድም። «ነጋሪትን ምን ታሞግሰዋለህ፤ የጦርና የግብር መሣሪያ አልነበረም ወይ?» የሚሉኝ አሉ። ነበር። ክተት የተባለው በነጋሪት ነው። መስከረም 1888 የዐድዋ ክተት ታወጀ፤ መስከረም 22 ቀን 1928 ዓ.ም. ደግሞ ፋሺስት ድንበር ሲሻገር አዲስ አበባ ቤተ መንግሥት ውስጥ ነጋሪት ተጎሰመ። ነጋሪት ሲጎሰም ልጇን የምትደብቅ እናት እንደነበረችም አውቃለሁ፤ የሹሙ ነጋሪት ሲቃረብ ጎተራውን የሚያስብ ገበሬ እንደነበረም አውቃለሁ። የድሮውን ሹም አልናፍቅም። እኔ የምለው ሌላ ነው። ያ ግብር የሚያስገብርና ለጦርነት የሚያስከትት ሥርዓት እንኳ ሕዝቡን ሳይነግር አልቀጣም ለማለት የሚያስችል ወግ ነበረው። የእኛ ሥርዓት መብት ሰጪ ነኝ ይላል፤ ሕገ መንግሥት አለኝ ይላል፤ የሚነግርበት አፍ ግን የለውም። ጨቋኙ የነገረውን፣ መብት ሰጪው ሊነግር አይገባውም ነበር?

ምን ይደረግ ለሚለኝ መልሴ አጭር ነው፤ ገንዘብም አያስወጣም። መሬትን፣ ውርስን፣ ክስንና ካሣን የሚመለከት ማስታወቂያ፣ ጉዳዩ ባለበት ቀበሌ በገበያ ቀን በአፍ ሳይነገር ቀኑ መቆጠር አይጀምር። የተናገረው ሰው ስሙና ማዕረጉ ይታወቅ፤ ከሰሙት ሁለት ሦስት ሽማግሌዎች «ሰምተናል» ብለው ይፈርሙ ወይም አሻራ ያኑሩ። ጉዳዩ የሚነካው ሰው ደግሞ ራሱ «አቤት» እስኪል ድረስ ጎረቤት እንዲያደርስለት አደራ ይባል። ቅዳሴ ሲወጣ፣ የጁምዓ ሶላት ሲያበቃ ሰው እንደተሰበሰበ ይነገር። ጋዜጣውም ይውጣ፤ ወረቀቱም ይለጠፍ፤ አጭር መልእክቱም ይላክ። ማንንም አላስቀረሁም። ግን እነዚህ ሁሉ ከንግግር ጋር ይቁሙ እንጂ በንግግር ፈንታ አይቁሙ።

ከተማው ደግሞ ያለውን ሕግ ይጠቀምበት። ነጋሪት የሚሰማው ገበያው ጸጥ ሲል ነው፤ ጸጥታ የነጋሪቱ ግማሽ አካል ነው። ማዘጋጃ ቤቱ የጥሩንባ ነፊው ሰዓት እንኳ ይከበርለት። ከንጋት እስከ ሥራ መግቢያ ድረስ ሞንታርቦ ዝም ቢል የሚዘጋ ሱቅ የለም። የሞተው ሰው ይቀበራል፤ የታመመው ይተኛል፤ «ኡኡ» ያለችውም ትሰማለች።

እስከዚያው ድረስ ግን ለዳኞቻችን አንድ ልመና አለኝ፤ ሕግ መለወጥ የማያስፈልገው ልመና። ጥሪው የወጣበት ጋዜጣ ተቆርጦ ከመዝገቡ ጋር ተያይዞ ሲቀርብላችሁ፣ «ተከሳሿ ጥሪ ተደርጎላት አልቀረበችም» ተብሎ ሲጻፍ፣ ብዕራችሁን ከማሳረፋችሁ በፊት ከፊታችሁ የቆመውን ከሳሽ አንድ ጥያቄ ብቻ ጠይቁልን፤ «ማን ነገራት?»